ሰሊጡ ሲያልፍ ያጨደው ለምን ይቆማል?

መስከረም ሲጠባ፣ መንገዱ ሰላም በነበረባቸው ዓመታት፣ የፍኖተ ሰላምና የዳንግላ መናኸሪያዎች ገና ሳይነጋ በወጣት ይሞሉ ነበር። ማጭዱ በጨርቅ ተጠቅልሎ ጆንያ ውስጥ ገብቷል፤ አንድ ጋቢ፣ አንድ የላስቲክ ጫማ፣ እናት የቋጠረችው በሶ። ጉዞው በባሕር ዳርና በጎንደር አድርጎ ወደ መተማ ነው፤ ለሰሊጥ አጨዳ። እዚያ ሲደርሱ ስማቸው ይቀየራል፤ የቆላው ሰው «ሳሉግ» ይላቸዋል። የዓመት ልብስ፣ የማዳበሪያ ዕዳ፣ የታናሽ እህት ደብተር፣ ሁሉም ከዚያ ከአንድ ወር ተኩል ጉልበት ይጠበቃል። ወባውና ካላዛር የሚሉት በሽታም ከዚያው ነው።

እኔ ዓለም አቀፍ ግንኙነት አስተምራለሁ። አንድ ቀን ስለ ቀጣናዊ ትስስር ሳወራ፣ ሁለት ዓመት ሳሉግ ሆኖ የሠራ ተማሪ እጁን አወጣ። «መምህር፣ እኔ ያጨድኩት ሰሊጥ ተመዝኖ፣ ደረጃ ወጥቶለት፣ ወረቀት ተጽፎለት ቻይና ይገባል። እኔ ግን ከፊቴ ያለችውን፣ ወደ ሱዳን የምታሻግረውን የገላባት ድልድይ ለሥራ ልሻገር ብል ሕገወጥ ነኝ። ይህን የሚያስረዳው የትኛው ምዕራፍ ነው?» አለኝ። ሰዓቱ አልቆ ስለነበር ግማሽ መልስ ሰጥቼ ወጣሁ። የቀረው ግማሽ እስካሁን ይከነክነኛል፤ ይህን የምጽፈውም ለእርሱ ነው።

ከቃሉ እንነሣ። ቀጣናዊ ትስስር የሚባለው፣ ጎረቤት አገሮች ለየብቻ ይወስኑት የነበረውን አንዳንድ ነገር በጋራ ለመወሰን ሲስማሙ ነው። ብዙ ጊዜ በደረጃ ይወጣል። በመጀመሪያው ደረጃ እርስ በርስ በሚገበያዩት ዕቃ ላይ ቀረጥ ያነሣሉ፤ ይህ ነጻ የንግድ ቀጣና ነው። በሁለተኛው፣ ከውጭ በሚመጣ ዕቃ ላይ ሁሉም አንድ ዓይነት ቀረጥ ይጥላሉ፤ የጉምሩክ ኅብረት ይባላል። የሰው ጉልበት በነጻ እንዲንቀሳቀስ የሚፈቀደው ሦስተኛው ደረጃ ላይ፣ የጋራ ገበያ ሲመሠረት ነው። እንግዲህ ሰሊጥ ምንም ደረጃ ሳይጠብቅ ቀረጡ ተከፍሎለት ያልፋል፤ በመጀመሪያው ደረጃ ቀረጡም ይነሣለታል። ሰው ግን ሦስተኛው እስኪደርስ ይቆማል፤ አብዛኞቹ ማኅበራት ደግሞ ሦስተኛው ላይ አይደርሱም።

ይህ እንዴት እንደሚሆን በአንድ ዓመት የሆነ ነገር ያሳያል። (ዓመቶቹን በአውሮፓውያን አቆጣጠር እጽፋለሁ፤ ስምምነቶቹ የሚታወቁት በዚያ ስለሆነ።) በ2018 የአፍሪካ ኅብረት ሁለት ትልልቅ ሰነዶች ነበሩት። አንዱ የአህጉራዊው ነጻ የንግድ ቀጣና ስምምነት ነው፤ መጋቢት ላይ ኪጋሊ ተፈረመ። ሥራ ላይ እንዲውል 22 አገሮች በፓርላማቸው ሊያጸድቁት ይገባ ነበር፤ ዓመት ከመንፈቅ እንኳ ሳይሞላ ሞላለትና በግንቦት 2019 ጸና። ሌላው የሰዎች ነጻ ዝውውር ፕሮቶኮል ነው፤ እርሱም በዚያው ዓመት ጥር ላይ አዲስ አበባ ጸደቀ፤ የሚያስፈልገው 15 አገር ብቻ ነበር። ከስድስት ዓመት በኋላ እንኳ ያጸደቁት አራት ነበሩ፤ ሩዋንዳ፣ ኒጀር፣ ማሊ፣ ሳኦ ቶሜና ፕሪንሲፔ። የፈረሙት ከሠላሳ በላይ ነበሩ። ፊርማ በስብሰባ አዳራሽ፣ በካሜራ ፊት የሚደረግ ነገር ነው፤ ማጽደቅ ግን አገር ቤት ተመልሶ ለሕዝብ «የጎረቤት ልጅ መጥቶ ከእናንተ ልጅ ጋር ሥራ ይሻማል» ብሎ መቆም ነው። ያንን የሚደፍር መንግሥት ጥቂት ነው።

የእኛ ቀጣናም ወረቀቱ አለው። ኢጋድ በ1986 ድርቅን ለመቋቋም የተመሠረተ፣ በ1996 ዓላማው ሰፍቶ የአሁኑን ስሙን የያዘ የምሥራቅ አፍሪካ መንግሥታት ማኅበር ነው። በየካቲት 2020 የአባል አገሮቹ ሚኒስትሮች ካርቱም ላይ ተሰብስበው በሰዎች ነጻ ዝውውር ፕሮቶኮል ተስማሙ። ሰነዱ ቪዛን ከማስቀረት ተነሥቶ፣ ወደ ሥራ፣ ከዚያም ወደ መኖሪያ ፈቃድ በየደረጃው ይሄዳል። በጣም የምወድለት አንድ አንቀጽ አለ፤ ድርቅ ወይም ሌላ አደጋ ሲመጣ፣ የተጎዳው ሰው ቤቱ እስኪፈርስ ሳይጠብቅ፣ አደጋው ሲቃረብም ጭምር ወደ ጎረቤት አገር መሻገር እንዲችል ይላል። አርብቶ አደሩ ሲያደርገው የኖረውን ነገር ሕግ አየው ማለት ነው። ያንን ሰነድ ያስተናገደችው ካርቱም በኋላ ምን እንደደረሰባት እመለስበታለሁ።

እስከዚህ ያለው የወረቀት ነገር ነው። ወረቀት ለምን አንዳንዱ እንደሚሠራ፣ ሌላው ለምን ሳጥን ውስጥ እንደሚቀር ለማወቅ፣ ማሳ ላይ መውጣት ይሻላል።

ጎጃም ላደገ ሰው ወንፈልና ደቦ አንድ አይደሉም። ወንፈል የተቆጠረ ቀን ነው። ዛሬ አንተ ጤፌን አረምክልኝ፤ ማክሰኞ እኔ ያንተን አርማለሁ። ሰው ከሰው አይበልጥም፤ ቀን በቀን ይመለሳል። ሲታመም እንኳ ወንድሙን ይልካል እንጂ ዕዳው አይቀርም። ደቦ ሌላ ነው። ሰፊ መሬት ያለው፣ ጠላ የሚጠምቅና ወጥ የሚያሠራ አቅም ያለው ሰው አገሩን ይጠራል። ተጠሪው ይበላል፣ ይጠጣል፣ እየዘፈነ ያጭዳል፣ ማታ ይመለሳል። ይህ ክፉ ነገር አይደለም፤ ለዝናብ የተጋለጠ እህል በአንድ ቀን የሚነሣው በደቦ ነው፤ የተራበም ይጠግብበታል። ነገር ግን ቀኑን የሚመርጠው ጠሪው ነው። ድሃው የራሱ እህል ቢረግፍም የጠሪው ቀን ሲደርስ ይሄዳል፤ እርሱ ግን አገሩን ለመጥራት ጠላ የለውም።

በዓለም አቀፍ ግንኙነት ሄጄሞኒ የምንለው ይህን ደቦ ጠሪ ነው። በአማርኛ «የበላይነት» እያልን እንተረጉመዋለን፤ ትርጉሙ ስሕተት ባይሆንም ግማሹን ይጥለዋል። ቃሉ ግሪክኛ ነው፤ መሪ፣ ገዥ ከሚል የመጣ። በግሪክኛው የማቴዎስ ወንጌል ጲላጦስ የሚጠራበት ማዕረግ «ሄጌሞን» ነው። የዛሬውን ትርጉሙን ያሰፋው ጣልያናዊው አንቶኒዮ ግራምሺ ነበር። በ1926 የሙሶሊኒ መንግሥት አስሮት፣ በእስር ቤት ደብተሮቹ ላይ ሲያሰላስል የደረሰበት ነገር ይህ ነው፤ ኃይለኛው ገዝቶ የሚኖረው በዱላ ብቻ ቢሆን ኖሮ ቶሎ ይደክም ነበር፤ የሚዘልቀው ተገዥው ራሱ «ነገሩ እንዲህ ነው፤ ሌላ ሊሆንም አይችልም» ብሎ ሲቀበለው ነው። ደቦ የሚሄደው ሰው ተገድዶ አይሄድም። ግን አልሄድም ለማለት አስቦም አያውቅ ይሆናል።

የምጣኔ ሀብት ሊቁ ቻርልስ ኪንድልበርገር ደግሞ በ1973 ነገሩን ከሌላው ወገን አየው። የ1930ዎቹ የዓለም የኢኮኖሚ ቀውስ ያን ያህል የከፋውና የረዘመው ደቦ ጠሪ ስለጠፋ ነው አለ፤ ብሪታንያ አቅም አልነበራትም፤ አሜሪካ አቅሙ እያላት አልፈለገችም። ገበያ ሲዘጋ የራሱን ገበያ ክፍት የሚያደርግ፣ ገንዘብ ሲደርቅ የሚያበድር አንድ ትልቅ ካልኖረ ሁሉም በሩን ይዘጋል። ይህ አሳብ እውነትነት አለው፤ ተማሪዎቼ ግራምሺን ሲወዱ ኪንድልበርገርን የሚጠሉት ነገር አይገባኝም። ሁለቱ የሚናገሩት ስለ አንድ ሰው ነው፤ አንዱ ጠላውን ቆጠረ፣ ሌላው ቀኑን ማን እንደመረጠ ጠየቀ።

ትልቁ ሲከፍል ትስስር እንዴት እንደሚዘልቅ ለማየት ወደ ደቡብ መሄድ ነው። ደቡብ አፍሪካ፣ ቦትስዋና፣ ሌሶቶ፣ ኢስዋቲኒና ናሚቢያ ያሉበት የጉምሩክ ኅብረት በ1910 የተመሠረተ፣ በዓለም ካሉት ሁሉ ዕድሜ ጠገቡ ነው። የተሰበሰበው ቀረጥ በቀመር ይከፋፈላል፤ ለሌሶቶና ለኢስዋቲኒ መንግሥታት ከገቢያቸው ትልቅ ድርሻ ከዚያ ይመጣል። ጠላው ይህ ነው። የሌሶቶ ወንዶችስ? ለትውልዶች በደቡብ አፍሪካ የወርቅ ጉድጓዶች በኮንትራት፣ ሚስትና ልጅ አገር ቤት ትተው ሠሩ። በ1990ዎቹ ማዕድኑ ሠራተኛ ሲቀንስ ወደ ተራራቸው ተመለሱ። ኅብረቱ ዕቃውን ያሻገረበት ሕግ ሰውየውን አላቀፈውም ነበር።

ትልቁ አልከፍልም ሲል ደግሞ ምሥራቅ አፍሪካን እንይ። ኬንያ፣ ታንዛኒያና ኡጋንዳ በ1967 የመሠረቱት ማኅበረሰብ የጋራ ባቡር፣ የጋራ አየር መንገድ ነበረው፤ በ1977 ፈረሰ። የታንዛኒያው ኔሬሬና የኡጋንዳው ኢዲ አሚን ጠብ አንዱ ምክንያት ነው፤ ሥሩ ግን ፋብሪካው ሁሉ ናይሮቢ ይከማቻል የሚለው የሁለቱ አገሮች ቅሬታ ነበር። ማኅበረሰቡ በ2000 እንደገና ሲነሣ ከወደቀበት የተማረ ይመስላል፤ በ2010 የጋራ ገበያ ጀመረ፤ ዛሬ ኬንያዊ፣ ኡጋንዳዊና ሩዋንዳዊ በመታወቂያ ካርድ ብቻ እርስ በርስ አገር ይገባል። ሦስተኛው ደረጃ ሊደረስበት እንደሚችል የሚያሳይ ከእኛ ድንበር በታች ያለ ምሳሌ ነው።

ከሁሉ የሚያሳዝነኝ ግን የምዕራብ አፍሪካው ታሪክ ነው። የዚያ ቀጣና አገሮች ማኅበር፣ ኢኮዋስ፣ በ1979 የአባል አገሮቹ ዜጋ ያለ ቪዛ 90 ቀን እንዲቆይ ፈቀደ። ያኔ ናይጄሪያ በነዳጅ ገንዘብ ሰክራለች፤ ለግንባታው፣ ለትምህርት ቤቱ፣ ለገበያው ሰው ይፈለግ ነበር። ጋናውያን በመቶ ሺሕዎች ሄዱ፤ 90 ቀኑም አለፈ፤ ማንም አልጠየቀም። የነዳጅ ዋጋ ሲወድቅ፣ በጥር 1983፣ ፈቃድ የሌለው ሁሉ በቀናት ውስጥ ይውጣ ተባለ። ሁለት ሚሊዮን ገደማ ሰው ነበር፤ ግማሽ ያህሉ ጋናዊ። ዕቃቸውን የጫኑበት ባለመስመር የላስቲክ ሻንጣ በዚያ አገር እስከ ዛሬ «ጋና ይሂድ» ይባላል። በፕሮቶኮሉ ፊት ናይጄሪያ ጥፋተኛ ናት ለማለትም ያስቸግራል፤ ፕሮቶኮሉ ለመግባት እንጂ ገና ለመሥራት አልፈቀደም ነበር። ሰው በፊርማና በማጽደቅ መካከል፣ በመጀመሪያውና በሦስተኛው ደረጃ መካከል ባለው ስንጥቅ ውስጥ ወደቀ።

አሁን ወደ ራሳችን ልምጣ። የጎጃም ልጅ በኢጋድ ሰነድ አይሄድም፤ «ኮንትራት ሄደች» ሲባል መድረሻው ዓረብ አገር ነው።

ጎረቤቴ ከዚያ የተመለሰች ሴት ናት። አንድ እሑድ ከቡና በኋላ የሥራ ውሏን ከመጽሐፍ ቅዱስ መካከል አውጥታ አሳየችኝ። በቀኝ ዐረብኛ፣ በግራ እንግሊዝኛ፤ አማርኛ የሚባል የለበትም። ከታች የአውራ ጣቷ አሻራ። ስምንተኛ ክፍል የጨረሰች ሴት ናት፤ ስሟን አሳምራ ትጽፋለች፤ «ፈርሚ ሳይሆን ጣትሽን አምጪ አሉኝ» አለችኝ። ፓስፖርቷን «ከፊል» የሚሉት፣ ማለትም ያስመጣት አሠሪ፣ በደረሰች ማታ ወሰደባት። ኢቃማዋ፣ የመኖሪያ ፈቃዷ፣ በእርሱ ስም የተንጠለጠለ ነው። ቤቱን ጥላ ብትወጣ በዚያው ሰዓት ሕገወጥ ትሆናለች። ከፋላ የሚሉት ሥርዓት ይህ ነው፤ የመንግሥትን የድንበር ሥልጣን ለአንድ ግለሰብ ቤት ያከራያል።

የባሕረ ሰላጤው ስድስት አገሮች ራሳቸው የተሳሰሩ መሆናቸውን ብዙ ሰው አያስተውልም። የትብብር ምክር ቤታቸው በ1981 ተመሠረተ፤ በ2008 የጋራ ገበያ ጀመረ። ኩዌታዊ ኦማን ሄዶ ይሠራል፤ ንብረት ያፈራል፤ በመታወቂያው ድንበር ያልፋል። ሦስተኛውን ደረጃ ወጥተውታል። ያንን ቤት የምታጸዳዋ ግን ከአንድ አሠሪ ወደ ሌላው ለመዛወር ፈቃድ ስትለምን ኖራለች። ትስስር ለውስጡ በር ሲከፍት ለውጪው ግድግዳ ሊሆን እንደሚችል ከዚህ በላይ የሚያሳይ አላውቅም። አውሮፓም እንዲሁ ነው። የሼንገን አገሮች በ1995 በመካከላቸው ያለውን ፍተሻ አነሡ፤ በ2004 የውጭውን ድንበር የሚጠብቅ የጋራ መሥሪያ ቤት፣ ፍሮንቴክስን፣ አቋቋሙ። በ2014 የካርቱም ሂደት የሚባለውን፣ ስለ ስደት የሚመከርበትን መድረክ፣ ከእኛ ቀጣና አገሮች ጋር ጀመሩ፤ በ2015 በማልታ ዋና ከተማ በቫሌታ ለአፍሪካ የአደጋ ጊዜ የአደራ ፈንድ አቋቋሙ። ከገንዘቡ ጥሩ ነገርም ተሠርቷል። ሆኖም የአውሮፓ ድንበር ጥበቃ በሰሐራ አሸዋና በሱዳን መንገድ ላይ የተጀመረው በዚህ ነው፤ ደቦ ጠሪው አሁን አጥሩንም በሌላ ሰው ጉልበት ያሠራል።

የሳዑዲው ነገር ጎጃም ድረስ የተሰማ ነው። በ2011 መንግሥቱ ኒታቃት የሚባል ደንብ አወጣ፤ ድርጅቶች የራሱን ዜጎች በተወሰነ ድርሻ እንዲቀጥሩ፣ አለዚያ የውጭ ሠራተኛ ፈቃድ እንዲከለከሉ። ደንቡ ከሥራ አጥ ወጣቶቹ አንጻር ሊገባን ይችላል። በኅዳር 2013 ፈቃድ በሌላቸው ላይ አሰሳው ሲጀመር ግን በጥቂት ወራት ውስጥ ከ160,000 በላይ ኢትዮጵያውያን ተመለሱ። አንድ ወር ቀደም ብሎ የእኛ መንግሥት ወደዚያ ለሥራ መሄድን ከልክሎ ነበር። ክልከላው እስከ 2018 ቆየ። ጉዞው ግን አልቆመም፤ ከኤጀንሲ ቢሮ ወጥቶ ወደ ደላላ እጅ ገባ፤ ከአውሮፕላን ወርዶ ወደ ጅቡቲ ኦቦክ ጠረፍና ወደ ባብ ኤል ማንደብ ሄደ። ስሙ በዐረብኛ የእንባ በር ማለት ነው። ደካማ መንግሥት ልጁን ለመጠበቅ ያለው መሣሪያ «አትሂድ» ማለት ብቻ ሲሆን፣ የሚጎዳው ያው ልጅ ነው። በ2016 የወጣው የውጭ አገር ሥራ ስምሪት አዋጅ ይህን ለማረም ሞከረ፤ ሠራተኛ የሚላከው የሁለትዮሽ ስምምነት ወደተፈረመበት አገር ብቻ ይሁን አለ። አካሄዱ ትክክል ነው። ነገር ግን አስቡት፤ አንድ ላኪ አገር ከአንድ ተቀባይ ጋር ለብቻው ሲደራደር፣ ተቀባዩ «እናንተ በዚህ ደመወዝ ካልላካችሁ ሌላ አገር ይልካል» ይለዋል። ደሃዎቹ ላኪዎች ቢተባበሩ ኖሮ ቀኑን መምረጥ ባይችሉ እንኳ ዋጋውን ይነጋገሩ ነበር። ለእኔ ከቀጣናዊ ትስስር የሚጠበቀው ትልቁ ጥቅም ከቀረጡ ይልቅ ይህ ነው፤ ኢጋድም እስካሁን የሚገባውን ያህል አልሠራበትም።

ይህን ሁሉ ስጽፍ ኢትዮጵያ ሁልጊዜ የተጠራችው ወገን እንደሆነች አድርጌ እንዳላስመስል እፈራለሁ። ለሳዑዲ ትንሽ ነን፤ ለጅቡቲ ግን ትልቅ ነን። ከመቶ ሚሊዮን በላይ ሕዝብ ይዘን አንድ ሚሊዮን ገደማ ሰው ካላት አገር ጋር ስንቀመጥ፣ የእኛ የባሕር በር «ጥያቄ» እዚያ እንዴት እንደሚሰማ ማሰብ አለብን። በጥር 2024 ከሶማሌላንድ ጋር የተፈረመው የባሕር በር የመግባቢያ ሰነድ ሞቃዲሾን ያንን ያህል ያስቆጣት፣ ነገሩን ከጠሪውና ከተጠሪው አንጻር ካየነው፣ የሚገርም አይደለም።

እንግዳ መቀበልስ? ጎጃም በዚህ ነገር የቆየ ልማድ አለው። ወደ ዋሸራ፣ ወደ ጎንጅ፣ ወደ ዲማ ቅኔ ሊማሩ ከየአውራጃው የሚመጡት የቆሎ ተማሪዎች መታወቂያ አልነበራቸውም፤ «በእንተ ስማ ለማርያም» ብለው በር ይቆማሉ፤ ባላገሩ ካለው ይሰጣል፤ ውሻውም ይነክሳቸዋል። አገርም ሕግ አላት። ከጦርነትና ከስደት ለሚሸሸው የ1951ዱ ዓለም አቀፍ ስምምነት አለ፤ በአፍሪካ ደግሞ በ1969 አዲስ አበባ የተፈረመው። በ2019 የወጣው የኢትዮጵያ የስደተኞች አዋጅ ሥራ የመሥራት መብት ይሰጣል፤ ከአንድ ሚሊዮን በላይ ስደተኛም በአገሪቱ አለ። የተማሪዬ ችግር እዚህ ላይ በግልጽ ይታያል። አንዲት ድልድይ፣ ሁለት ሰው፤ ጥይት አባርሮት የመጣው በሕግ ስደተኛ ነው፤ ለሥራ የመጣው ሕገወጥ ነው። ረሃብ ያባረረው የትኛው እንደሆነ ሕጉ ገና አልወሰነም።

ያቺ ድልድይ ደግሞ ሰው ስታመላልስ የኖረች ናት። በ1970ዎቹና በ80ዎቹ በደርግ ዘመን ሰው በዚያ በኩል ወደ ሱዳን ሸሸ። ከዚያ በኋላም የገዳሪፍ ባለ እርሻዎች ከእኛ በኩል ጉልበት ሲፈልጉ ወረቀት ሳይኖር ዓይናቸውን ጨፍነው ያስገቡ ነበር፤ ሲበቃቸው ያባርራሉ። ከዚያ ሚያዝያ 2023 መጣ። የሰዎች ነጻ ዝውውር ፕሮቶኮል የተስማሙባት ካርቱም በሁለት ጄኔራሎች ጦርነት ነደደች፤ የካርቱም ሐኪም፣ ነጋዴ፣ መምህር በእግሩ ድልድዩን ወደ እኛ ተሻገረ። የተቀበልናቸው ሁሉ በሰላም አደሩ ማለት አልችልም፤ ክልሉ ራሱ ጦርነት ውስጥ ነበር፤ በመጠለያቸው የተዘረፉና የተጎዱ አሉ፤ ይህን ማለፍ አግባብ አይደለም።

ከቢቸና አካባቢ የሆነ፣ ብዙ ዓመት ገዳሪፍ ድረስ እየተሻገረ የሠራ ሰው አውቃለሁ። በዚያ ሰሞን መተማ ነበር። ሴቶቹ ከነልጆቻቸው ድልድዩ ጥግ ላይ ተቀምጠው፣ ዐረብኛ የሚችል ሰው ይፈለግ ነበርና ጠሩት። የእርሱ ዐረብኛ የእርሻ ዐረብኛ ነው፤ ሲምሲም ሰሊጥ፣ ገንዘብ፣ ነገ ና፣ ቶሎ በል። የአገሩ ሰው ሲያዝዘው የሰማውን ብቻ ነው የሚያውቀው። «ምን ልበላቸው?» አለኝ ሲያወራኝ። «ከማውቃት ሁሉ ለዚያ ቀን የሆነችኝ አንዲቱ ብቻ ናት። ጄሪካኑን ይዤ 'ሞያ፣ ሞያ' እያልኩ ዞርኩ።» ሞያ በሱዳን ዐረብኛ ውሃ ነው።